ከሳልቫጅ የመጣ ስም

ልጅ እያለሁ በሰፈራችን ዝም ብሎ የሚታመን ነገር አልነበረም። ሰው ደስ ካለው ምን አግኝቶ ነው ይባላል፤ ከከፋው ምን አድርጎ ነው ይባላል። የምንኖረው ከመርካቶ ወደ ተክለ ሃይማኖት በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ቤቶቹ ጎን ለጎን የተጣበቁበት አንድ ግቢ ውስጥ ነበር። ግድግዳው ስስ ስለነበር የአንዱ ቤት ሳል ለሌላው ቤት ወሬ ይሆናል። ጠዋት የኩሊዎች ጩኸት ይቀሰቅሰናል፤ ከሰዓት በኋላ ከበርበሬ ወፍጮው የሚመጣው ሽታ ያስነጥሰናል፤ ማታ አባቴ ሲገባ ደግሞ ቤቱ አዲስ ስፖንጅ ይሸታል። አባቴ ፍራሽ ተራ ስፖንጅና ብርድ ልብስ ይሸጥ ነበር። ከትከሻው ላይ የጥጥ ብናኝ መልቀም የእኔ ሥራ ነበር፤ እሱም እንደ ጉምሩክ ትፈትሺኛለሽ እያለ ይስቅብኝ ነበር።

ዓይን አፋር ነበርኩ። እንግዳ ሲመጣ ከመጋረጃው ጀርባ እገባለሁ፤ ስሜን ሲጠይቁኝ ጣቴን እቆጥራለሁ። ትልልቅ ሰዎች ዝም ያለ ልጅ የማይሰማ ይመስላቸዋል። እናቴ ግን እንደምሰማ ታውቅ ስለነበር ውሃ ቅጂልኝ ብላ ወደ ቦኖው ስትልከኝ፣ ሴቶቹ ስለእኛ ቤት የሚሉትን ሰምቼ እንድመለስ ጭምር ነበር። ጀሪካኑን ተራ አስይዤ መሬት መሬት እያየሁ እቆማለሁ፤ ቤት ስደርስ አንዱንም ሳላስቀር እነግራታለሁ። ሦስተኛው ወንድሜ በተወለደ ሰሞን ይህ ሥራዬ በጣም በዛ።

ሦስተኛው የምለው ከእሱ በፊት ሁለት ስለነበሩ ነው። የመጀመሪያው በረከት፣ ቀጣዩ ስጦታው ይባሉ ነበር። ሁለቱም ዓመት አልሞላቸውም። አንዱን ትኩሳት፣ ሌላውን ተቅማጥ ወሰደው፤ ሐኪሞቹም ይህንኑ ብለዋል። እናቴ ግን ጥፋቱን ያየችው በስማቸው ላይ ነበር። ስማቸውን የሰማ ሁሉ ምን ያምራል ብሎ ነበር፤ እሷ ደግሞ ያንን «ምን ያምራል» ማን ማን እንዳለው አንድ በአንድ ታስታውሳለች። ከሁሉም በላይ የምትጠረጥረው ጎረቤታችንን እትዬ አመለወርቅን ነበር። እትዬ አመለወርቅ ብቻቸውን የሚኖሩ፣ ክርና ቁልፍ የሚቸረችሩ ሴት ናቸው። ሕፃን ሲያዩ ዓይናቸውን አይነቅሉም። ልጅ ያለው ቤት ሁሉ እሳቸው ሲገቡ የተኛ ልጁን ይሸፍናል።

እናቴ ለአዲሱ ልጅ ብዙ ነገር ወሰነች። የክርስትና ስሙን ከቄሱ፣ ከክርስትና አባቱና ከእሷ በስተቀር ማንም አይሰማውም። እኔም እስከ ዛሬ አላውቀውም። አዲስ ልብስም አይለብስም። እሷ ባደገችበት በጎጃም ልጅ ያልጸናላት እናት፣ ያደገ ልጅ ያጠረውን ልብስ ለምና ነው የምታለብሰው። ልብሱን የለበሰው ልጅ እንዳደገ ይኼኛውም ያድጋል ይባላል። ችግሩ ልብሱን ከማን እንደምትለምን ነበር። ከግቢው ሰው የምታምነው አልነበረም፤ ማንን ብጠይቅ ለምን እንደጠየቅኩ ያውቃል፣ ካወቀ ደግሞ ያወራል አለች። በመጨረሻ አባቴ ወዳጁ ጋሽ ሸምሱ ዘንድ ሄደ። ጋሽ ሸምሱ ሳልቫጅ ነጋዴ ነበሩ፤ ከውጭ በቦንዳ ታስሮ የሚመጣ የተለበሰ ልብስ ይሸጣሉ። ከቦንዳው የሚወጣው ልብስ ከየት እንደመጣ የሚያውቅ ስለሌለ፣ የእኛንም ጉዳይ የሚያውቅ አይኖርም።

አባቴ ይዞ የመጣው በእጅ የተሠራ ጥቁር ሰማያዊ የሱፍ ሹራብ ነበር። የአራት ዓመት ልጅ ይሆነዋል፤ ወንድሜ ገና አራስ ስለነበር እንደ ብርድ ልብስ ይጠቀለልበት ጀመር። የናፍታሊንና የሩቅ አገር ሳሙና ሽታ ነበረው። ከአንገትጌው ውስጥ በኩል ነጭ ጥብጣብ ተሰፍቷል፤ በጥብጣቡ ላይ በቀይ ክር የእንግሊዝኛ ፊደላት ተጽፈዋል። ሦስተኛ ክፍል ስለነበርኩ ፊደላቱን እየነጠልኩ አነበብኳቸው። ኤድዋርድ ይላል። ከጎኑ የአባቱ ስም የመጀመሪያ ፊደል ብቻ አለች።

አባቴ በማግስቱ ጋሽ ሸምሱን ጠይቋቸው መጣ። በእንግሊዞች አገር ልጅ ትምህርት ቤት ሲገባ ልብሱ ከሌላው እንዳይቀላቀል እናቱ ስሙን እንደምትሰፋበት፣ እሳቸውም በየቦንዳው እንደዚህ ያለ ብዙ እንደሚያዩ ነገሩት። ልጁ ሲያድግ ልብሱ ያጥረዋል፣ እናትየውም ትሰጠዋለች፤ ኤድዋርድም የታወቀ የወንድ ስም ነው አሉት። አባቴ ይህንን ለእናቴ ሲነግራት አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ነበር። ከዚያ «ስሙም ከልብሱ ጋር ይምጣለት» አላት። የምትቃወመው መስሎኝ ፊቷን አየሁ። እሷ ግን እያሰበች ነበር። በረከት ምን ማለት እንደሆነ ሁሉም ያውቀዋል፤ ስጦታውንም እንዲሁ። ይህን ስም ግን በመላ መርካቶ ትርጉሙን የሚያውቅ የለም። ትርጉሙን የማያውቁትን ስም በምን ይይዙታል አለች። ወንድሜ በዚያ ቀን ኤድዋርድ ተባለ።

ቦኖው ላይ ወሬው በአንድ ጊዜ ሞቀ። አንዷ ተፈራ ጴንጤ ሆኗል አለች፤ ተፈራ አባቴ ነው። ሌላዋ የለም፣ ልጁን ለፈረንጅ በማደጎ ሊሰጡት ነው፣ ስሙን ከአሁኑ እያስለመዱት ነው አለች። ያን ጊዜ ልጅ በማደጎ ወደ ውጭ መሄዱ የተለመደ ስለነበር ይኼኛው ብዙ አማኝ አገኘ። «እኛንም ነገ ጆንና ሜሪ ይሉናል» አለች ሦስተኛዋ፣ ሁሉም ሳቁ። እኔ ጀሪካኔን እያየሁ ሁሉንም ያዝኩ። ለእናቴ ስነግራት አልተቆጣችም። እንዲያውም ደስ አላት መሰለኝ፤ ያሉት ሁሉ ስህተት ስለሆነ።

እትዬ አመለወርቅ ግን እንደ ሌሎቹ አልገመቱም፤ ጠየቁ። አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስመለስ ከበራቸው ጠርተውኝ ሁለት ከረሜላ ሰጡኝና የወንድሜ ስም ምን ማለት እንደሆነ ጠየቁኝ። አላውቅም አልኳቸው፤ እውነቴን ነበር። አላመኑኝም። ቆይቶ እንደሰማሁት የትምህርት ቤታችንን የእንግሊዝኛ አስተማሪ መንገድ ላይ አስቁመው ጠይቀዋቸዋል። አስተማሪውም ስም ነው እንጂ ትርጉም የለውም አሏቸው። እትዬ አመለወርቅ ይህንን ለቦኖው ሲያወሩ «ትርጉም የሌለው ስም ምን ዓይነት ስም ነው? ይህቺ ሴት አንድ የደበቀችው ነገር አላት» ብለዋል። እናቴ ይህን ከእኔ ስትሰማ በሩን ቀን ቀንም መቀርቀር ጀመረች።

ከክርስትናው በፊት በነበረው ሳምንት እትዬ አመለወርቅ ራሳቸው መጡ። የመጣ ሰው አይመለስም፤ እናቴ ከፈተችላቸው። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጠው ስለ ሽንኩርት ዋጋ አወሩ፣ ስለ ጣሪያችን መፍሰስ አወሩ፤ ዓይናቸው ግን ከልጁ አልተነሳም። ከዚያ እጃቸውን ሰደዱና የሹራቡን አንገትጌ ገለበጡት። ጥብጣቡን አዩት፤ ማንበብ ባይችሉም ስም መሆኑ ገባቸው። ከየት ነው ብለው ሲጠይቁ እናቴ ለማምለጥ ጊዜ አላገኘችም፤ ከሳልቫጅ ነው አለቻቸው።

እትዬ አመለወርቅ ሹራቡን በጣታቸው አሻሹት። ደህና ሱፍ ነው፣ አልተቀደደም፣ አልሳሳም። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው እንዲህ አሉ፦

«ይህን የመሰለ ልብስ ያለ ምክንያት ከቤት የሚያወጣ ማን ነው? የሞተ ልጅ ልብስ እኮ ነው የሚሰጠው።»

«እትዬ፣ እባክዎ አያሟርቱብኝ» አለች እናቴ።

«ሟርት አይደለም፤ ጠይቂ ብዬ ነው» አሉና ነጠላቸውን አጣፍተው ወጡ።

በሩ ሲዘጋ እናቴ ልጁን ከሹራቡ አውጥታ በራሷ ነጠላ ጠቀለለችው። እንዲህ ያለ ፍርሃት አይቼባት አላውቅም። ከዚያ በፊት የምትፈራው የሰው ዓይን ነበር፤ ከሰው ዓይን መደበቅ ይቻላል። አሁን ግን ልጇን በገዛ እጇ በሞተ ልጅ ስም ጠርታው ሊሆን ይችላል። ሞት መንገዱን የሚያውቀው ስም ነው የሰጠችው።

በዚያው ማታ ወንድሜ ማሳል ጀመረ፤ በማግስቱም ትኩሳት ያዘው። አባቴ ይዞት ጤና ጣቢያ ሄደ፤ ሽሮፕ ሰጡት፣ ደረቱ ደህና ነው አሉት። እናቴ ግን ሽሮፑን እየሰጠችው ስሙን አትጠራውም ነበር፤ «ልጁ» ብቻ ትለው ጀመር። አባቴን ከክርስትናው በፊት ስሙን ቀይርልኝ ብላ ለመነችው። አባቴ መጀመሪያ ተቆጣ፤ በኋላ ግን እሱም እንደፈራ ገባኝ። «ብንቀማውስ? በታመመ ልጅ ላይ ስም መቀማት ደህና ነው?» አላት።  አባቴ ተነስቶ ጋሽ ሸምሱ ዘንድ ሄደና የሹራቡ ባለቤት ልጅ ያደገ ይሁን የሞተ ሊያውቁ ይችሉ እንደሆነ ጠየቃቸው። ሲመለስ ጫማውን እያወለቀ «ቦንዳ አይናገርም አሉኝ» አለን። ልጁ ሲያድግ ልብሱ ያጥረዋል ያሉትም በግምት መሆኑን አምነውለታል።

እሁድ ከሰዓት በኋላ አባቴ ልጁን ታቅፎ እያንቀላፋ ሳለ እናቴ ሹራቡን ይዛ ደጃፍ ላይ ተቀመጠች። ልታቃጥለው አስባ ነበር፤ ሱፍ ሲቃጠል የሚሸተው ሽታ ግቢውን ሁሉ ያስጠራል ብላ ተወችው። ብትጥለው አንድ ሰው ያነሳዋል። ስለዚህ ልትተረትረው ወሰነች፤ ክር ከሆነ ሹራብ አይደለም፣ የማንም አይደለም። እሷ ራሷ ሹራብ እየሠራች ትሸጥ ስለነበር መተርተር ታውቅበታለች። የግራውን እጅጌ ጫፍ በመቀስ ቀጨት አድርጋ ክሩን መሳብ ጀመረች። እኔ አጠገቧ ቁጭ ብዬ ክሩን እጠቀልልላታለሁ። ከጎረቤት ቤት ሥጋ እየተጠበሰ ነበር፤ ምራቄን መዋጤን አስታውሳለሁ።

ጥቂት እንደተረተረች ክሩ ላይ ቋጠሮ ገጠማት። ቋጠሮውን ፈትታ ቀጠለች። ከቋጠሮው ወዲያ ያለው ክር ሰማያዊነቱ ትንሽ የተለየ ነበር፤ የደበዘዘ፣ ብዙ የታጠበ ክር። እጇ ቆመ። እጅጌውን ወደ ብርሃኑ አዙራ አየችው። ከዚያ ያልነካችውን የቀኙን እጅጌ ገለበጠች። እዚያም በሁለት ቦታ የክሩ ቀለም ይለወጣል። እጅጌው ዱሮ የሚያልቅበት ቦታ ከክርን ብዙም አይርቅም። ከዚያ ጥቂት ተጨምሮበታል፤ ከዚያ ደግሞ ሌላ ጊዜ፣ በሌላ ክር፣ እንደገና ተጨምሮበታል። የጨመረችው ሴት ቀለሙን ለማመሳሰል ደክማለች፤ ግን አላገኘችውም።

 እናቴ ለእኔ ይሁን ለራሷ ሳይታወቅ እንዲህ አለች፦

«እጁ ረዝሞባት ነው። ሁለት ጊዜ ረዝሞባት ነው።»

የተረተረችውን ክር ከእጄ ተቀብላ እንደገና ሠራችው። ያጠረውን በራሷ ክር ሞላችው፤ ሰማያዊ አልነበራትም፣ ቡናማ ነበር። ማታ ልጁን መልሳ ጠቀለለችበት፤ ሽሮፑን ስትሰጠውም በስሙ ጠራችው። የወንድሜ ትኩሳት ከቀን ወደ ቀን ለቀቀው። ሽሮፑ ይሁን ሌላ አላውቅም፤ እኔ ሽሮፑ ይመስለኛል።

ሲሻለው እናቴ ልጁን በሹራቡ ጠቅልላ እኔን አስከትላ እትዬ አመለወርቅ ቤት ሄደች። በዚያ በር ስትገባ አይቻት አላውቅም ነበር። ልትሰድባቸው መስሎኝ ከኋላዋ ተደበቅኩ። እሷ ግን የቀኙን እጅጌ ገልብጣ አሳየቻቸው። እትዬ አመለወርቅ ክር ነጋዴ ናቸው፤ ማስረዳት አላስፈለጋቸውም። የክሩን መጋጠሚያ በአውራ ጣታቸው ዳሰሱት፤ አንዴ፣ ከዚያ እንደገና። ፊታቸው ላይ ያለው ጥርጣሬ ሲወርድ ሌላ ሴት መሰሉኝ።

«እኔም የልጄን ልብስ በቤተ ክርስቲያን በር ሰጥቻለሁ» አሉ። «አንዱም አላጠረውም ነበር።»

ልጅ እንደነበራቸው ግቢው ውስጥ የሚያውቅ አልነበረም። እዚህ ሳይመጡ በፊት ነው፤ ስሙን አልነገሩንም፣ እናቴም አልጠየቀቻቸውም። ሕፃን ሲያዩ ለምን ዓይናቸውን እንደማይነቅሉ ያን ጊዜ የገባት እሷ ናት፤ እኔ የገባኝ አድጌ ነው። እናቴ ይታቀፉት ይሆን አላለችም፣ ልጁን ዝም ብላ እቅፋቸው ውስጥ አስቀመጠችው። የማንንም እጅ የማታምን ሴት ነበረች።

የክርስትናው ዕለት ሰው ሞላ። ድግሱ ላይ ስሙን ሰምቶ ትርጉሙን የሚጠይቅ አልጠፋም። አባቴ ሊመልስ ሲንተባተብ እትዬ አመለወርቅ ከሴቶቹ መሐል ሆነው «ያደገ ልጅ ስም ነው» አሉ። በቃ። ከዚያ በኋላ በግቢያችን ኤድዋርድ ማለት ያደገ ማለት ሆነ። እንዲያውም ጥቂት ዓመት ቆይቶ አንዲት ጎረቤታችን ልጇ አልጸናላት ሲል ኤድዋርድ ልበለው ይሆን ብላ እናቴን አስፈቅዳለች። እናቴ ለምን እንደፈለገችው ሦስት ቀን ካጣራች በኋላ ፈቀደች።

ዩኒቨርሲቲ ስገባ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ስለ ስሞች የተጻፈ አንድ ወፍራም የእንግሊዝኛ መጽሐፍ አገኘሁ። ኤድዋርድ የሚለውን ስፈልግ አንድ መጥፎ ነገር የሚወጣ መስሎኝ ነበር። ትርጉሙ «ሀብት ጠባቂ» ነው ይላል። በጣም የቆየ ስም ነው። ባሕር ተሻግረው የመጡ ወራሪዎች እንግሊዝን ሲይዙ የአገሬው ሰው ልጆቹን በወራሪዎቹ ስም መጥራት ጀመረ፤ የቀድሞዎቹ ስሞች አንድ በአንድ ጠፉ። ከተረፉት ጥቂቶች አንዱ ይህ ነበር። የተረፈውም እንደ ቅዱስ የሚታይ አንድ ንጉሥ ስሙ ስለነበረ፣ ከብዙ ዘመን በኋላ ደግሞ የወራሪዎቹ ወገን የሆነ ሌላ ንጉሥ ያንን ቅዱስ ወድዶ ልጁን በስሙ ስለጠራው ነው።

ቅዳሜ ቤት ሄጄ ለእናቴ ነገርኳት። ሀብት ጠባቂ የሚለውን ስትሰማ በሩን አየችና ድምፅሽን ቀንሺ፣ ሰው ገንዘብ ያለን ይመስለዋል አለችኝ። ሌሎቹ ስሞች ሲጠፉ እሱ ተረፈ የሚለውን ስነግራት ግን አልገረማትም። እሱንማ እኔም አውቄዋለሁ ብላ ሽንኩርቷን መላጥ ቀጠለች። አንድ ነገር አልነገርኳትም፤ ዛሬም አልነግራትም። ሁለት ጊዜ የረዘመ እጅጌ ልጁ ለተወሰነ ጊዜ ማደጉን እንጂ፣ ከዚያ በኋላ ምን እንደሆነ አይናገርም። እኔም የእናቴ ልጅ ነኝ፤ ይህን ሳልጠረጥር መቅረት አልቻልኩም።

ወንድሜ ዛሬ ከአባታችን ይረዝማል፤ ጓደኞቹ ኤዲ ይሉታል፣ ትርጉሙን የሚጠይቀው የለም። ግቢያችን ፈርሷል፤ በቦታው ፎቅ ቆሟል። እትዬ አመለወርቅ ጀሞ ሄደው፣ እዚያ አርፈዋል። የቀበራቸው የድሮው ሰፈራችን ሰው ነው፤ ከሬሳ ሣጥኑ ፊት ሆኖ የተሸከመው ወንድሜ ነበር።

እኔ የምኖረው ኮንዶሚኒየም ነው። ከላዬ ያሉትን አላውቃቸውም፤ ከጎኔ ያሉትንም በጫማቸው ድምፅ ነው የማውቃቸው። ያን ጊዜ ሰዎች በአንድ ሕፃን ስም ያን ያህል መጨነቃቸው ክፋት ይመስለኝ ነበር። አሁን የሚናፍቀኝ እሱ ነው። ባለፈው ወር ከላይኛው ቤት የአራስ ልጅ ለቅሶ ሰማሁ። ቀናት አለፉ፤ ደረጃው ላይ ማንም አላወራውም፣ ማንም ወንድ ነው ሴት ብሎ አልጠየቀም። ልጁ በደረጃችን ለማንም ሳይወለድ የቀረ መሰለኝ።

እንደ እኔ ላለ ዓይን አፋር ሰው አንድ ፎቅ መውጣት ቀላል አይደለም። ወጣሁና አንኳኳሁ። በሩ በሰንሰለቱ ልክ ተከፈተ፤ አንዲት ወጣት ሴት ልጇን በትከሻዋ ይዛ ከላይ እስከ ታች አየችኝ። ምን እንደፈለግኩ ጠየቀችኝ። ከታች ነኝ፣ እንኳን ማርያም ማረችሽ፣ የልጁን ስም ልጠይቅ ብዬ ነው አልኳት። የጥርጣሬ አስተያየቷ በልጅነቴ በደንብ የማውቀው ነበር፤ ቅር አላለኝም፣ አይታኝ እስክትጨርስ ጠበቅኳት። ሰንሰለቱን ሳትፈታ ስሙን ነገረችኝ። ሰምቼው የማላውቅ ስም ነው። ያሳድግልሽ አልኳት፤ ትርጉሙን ግን አልጠየቅኳትም።